የኢትዮጵያ ንጉሥ ሆኖ የተወነው ስፖርተኛ

ጥያቄ፦ ሰላም አዘጋጆች! ለፋሲካ ቤት ተሰብስበን የ1956ቱን «አስርቱ ትዕዛዛት» ስናይ የኢትዮጵያ ንጉሥ ሆኖ የሚገባው ረጅም ጥቁር ሰውዬ ማነው ተባባልን፣ አጎቴ ድሮ ስፖርተኛ ነበር አለ፣ እውነት ነው እንዴ?

መልስ፦ አጎትሽ ልክ ናቸው! ዉዲ ስትሮድ ይባላል፣ በ1914 ሎስ አንጀለስ ነው የተወለደው (ዓመቶቹ በፈረንጅ ናቸው)። ዩሲኤልኤ ዩኒቨርሲቲ እያለ ዴካትሎን (አስር የአትሌቲክስ ውድድሮችን ያጣመረ ስፖርት) ይወዳደር ነበር፣ የአሜሪካን ፉትቦል ደግሞ በኋላ በቤዝቦል ዝነኛ ከሆነው ከነጃኪ ሮቢንሰን ጋር በአንድ ቲም ተጫውቷል። 1946 ላይ እሱና የዩሲኤልኤ ጓደኛው ኬኒ ዋሽንግተን ሎስ አንጀለስ ራምስ ለሚባለው የፉትቦል ክለብ ፈረሙ፣ ይሄ ቀላል ነገር እንዳይመስልሽ፣ ከዛ በፊት ከ10 ዓመት በላይ ትልቁ የአሜሪካ ፉትቦል ሊግ (ኤንኤፍኤል) ውስጥ አንድም ጥቁር ተጫዋች አልነበረም። እሱን ግን አንድ ሲዝን ብቻ ነው ያጫወቱት፣ ያናድዳል! ካናዳ ሄዶ በ1948 ካልጋሪ ከሚባለው የፉትቦል ክለብ ጋር ዋንጫ በላ፣ ሬስሊንግም ሠርቷል።

ለኔ ትልቁ ስራው የ1960ው «ስፓርታከስ» ነው። እዛም ድራባ የሚባል ኢትዮጵያዊ ግላዲያተር (ለሮማውያን መዝናኛ የሚፋለም ባሪያ) ሆኖ ነው የሚጫወተው፣ ስፓርታከስን አሸንፎ መሬት ላይ ጥሎት ግደለው ሲሉት እምቢ ብሎ ጦሩን ወደ ሮማ ጌቶች ወርውሮ እራሱ ይሞታል፣ ብዙም ሳይናገር በዓይኑና በሰውነቱ ብቻ ነው የሚያሳየው፣ ጎልደን ግሎብ ለሚባለው የፊልም ሽልማትም ታጭቶበታል። በዚያው ዓመት ዳይሬክተሩ ጆን ፎርድ «ሳጅን ራትሌጅ» የሚለው ፊልም ላይ ዋናውን ገጸ ባህሪ ሰጠው፣ በዛ ጊዜ ለጥቁር ተዋናይ እንዲህ አይነት ሮል ብርቅ ነበር። ያረፈው በ1994 መጨረሻ ነው። ልጆች ካሉሽ ደግሞ ንገሪያቸው፣ የ«ቶይ ስቶሪ» አኒሜሽን ፊልሙ ካውቦይ ዉዲ ስሙን ያገኘው ከሱ ነው።