«ከተያዙ ግዛቶች» ወይስ «ከተያዙት ግዛቶች»?

ጥያቄ፦ መምህር፣ ስለ መካከለኛው ምሥራቅ በቴሌቪዥን ዜና ስሰማ አንዱ ጣቢያ የጸጥታው ምክር ቤት እስራኤል «ከተያዙ ግዛቶች» እንድትወጣ ጠይቋል ይላል፤ ሌላው «ከተያዙት ግዛቶች» ይላል። በሁለቱ መካከል የትርጉም ልዩነት አለ?

መልስ፦ አለ እንጂ! ዲፕሎማቶች ከግማሽ ምዕተ ዓመት በላይ የተከራከሩት በዚችው ነጥብ ላይ ነው።

«የመጡ እንግዶች አሉ» ብንል ስንት እንደሆኑም እነማን እንደሆኑም አልተናገርንም። «የመጡት እንግዶች ይግቡ» ስንል ግን ደጅ የቆሙት ሁሉ ይገባሉ፤ አንዱን ብናስቀር ቅር ይለዋል። «ት» የታወቀውን ለይታ፣ ጠቅልላ ትይዛለች።

ዜናው የሚጠቅሰው እ.ኤ.አ. ኖቬምበር 22 ቀን 1967 የጸደቀውን ውሳኔ ቁጥር 242 ነው። በ15ቱም አባላት ድምፅ ያለፈ ሲሆን፣ ኢትዮጵያም ያኔ የምክር ቤቱ አባል ስለነበረች ደግፋ ድምፅ ሰጥታለች። ረቂቁን ያቀረቡት የብሪታንያው አምባሳደር ሎርድ ካራዶን ነበሩ። የእንግሊዝኛው ጽሑፍ «ግዛቶች» የሚለውን ያለ መወሰኛ ቃል (እንደ እኛ «ት» የታወቀውን የሚለየው «the») ተወው። እስራኤል ይህን ይዛ «ከሁሉም ውጡ አልተባልንም» ትላለች። የፈረንሳይኛው ቅጂ ግን መወሰኛ እንዳለው ሆኖ ሊነበብ ይችላል። የዐረብ አገሮች ይህንንና በመግቢያው የሰፈረውን፣ በጦርነት ግዛት መያዝ ተቀባይነት የለውም የሚለውን ቃል እየጠቀሱ፣ በ1967ቱ የስድስት ቀን ጦርነት ከተያዘው ሁሉ መውጣት ግዴታ ነው ይላሉ።

ስለዚህ የእንግሊዝኛውን ቃል የሚተረጉም ጋዜጠኛ «ከተያዙ ግዛቶች» ይበል። «ት» ከጨመረ ሳያስበው ለአንዱ ወገን ፈረደ። የአንዱን ወገን አቋም ሲዘግብ ግን የተናጋሪውን ማንነት ጠቅሶ «ከተያዙት ግዛቶች በሙሉ» ቢል ትክክል ነው።

ከሁለቱ ይበልጥ የሚያሳስበኝ ሦስተኛው አባባል ነው፦ «እስራኤል ከያዘቻቸው ግዛቶች»። አማርኛችን «ከያዘች ግዛቶች» ማለትን ስለማይፈቅድ «ቸው» የግድ ይገባል፤ ሰሚውም ሁሉንም እንደሚጠቀልል አድርጎ ይረዳዋል። በዜና ላይ አድራጊውን የሚሰውር ግሥ አልወድም፤ ማን ምን እንዳደረገ በግልጽ ይነገር ባይ ነኝ። እዚህ ግን ለጽሑፉ የሚታመነው «የተያዙ» የሚለው ነው።

ዜና አንባቢው ፈጠን ካለ «ት» ከ«ግ» ፊት ትዋጣለች። እንግዲህ «ከተያዙት» ተብሎ የተጻፈ ከሆነ ፊደሏ ጥርት ብላ ትሰማ፤ «ከተያዙ» ከሆነም ከቃሉ በኋላ ጥቂት ይታገሥ።