ሳልፈታው የቀረው ጥቅል

ልጆቼ፣ ባለፈው ሳምንት አንዲት የፊልም ተማሪ «የድሮ ጣሊያን ድምፅ አልባ ፊልም ተዋናዮች ለምን መጋረጃ ላይ ይንጠለጠላሉ?» ብላ ጠየቀችኝ። ሳቅሁ። ማታ ግን አንድ የፊልም ጣሳ ትዝ አለኝና እንቅልፍ አጣሁ።

በወጣትነቴ ጣሊያን ውስጥ በአንድ የፊልም ማከማቻ እሠራ ነበር። ሥራዬ አሮጌ የናይትሬት (የዚያ ዘመን ፊልም የሚሠራበት ተቀጣጣይ ነገር) ጥቅሎችን ከፍቶ የሚድነውን ከማይድነው መለየት ነው። ናይትሬት ሲበሰብስ አፍንጫ ይሰረስራል፤ ምስሉ ይደበዝዛል፣ ፊልሙ እንደ ማር ይዝለገለጋል፣ በመጨረሻም ቡናማ ዱቄት ይሆናል። እሳት ከያዘው ውኃ ውስጥ እንኳ ይነዳል። አንድ ዓርብ ወደ ማታ ስም ያልተጻፈበት ጣሳ ከፈትሁ። የላይኛው ዙር ተጣብቋል። ያልተጣበቀውን ጫፍ ወደ መስኮቱ ባነሣው፣ ሰማያዊ በተነከረው ቁራጭ ላይ (ሰማያዊ ሌሊት ማለት ነበር) አንዲት ሴት የትከሻ ልብሷን ወደ አፏ አስጠግታለች። ባቡር ሊያመልጠኝ ነው። «የማይድን» ብዬ ጻፍሁበት። ከሚቃጠሉት ጋር ሄደ። የውጪው ዙር ተበላሽቶ መሐሉ ደኅና ሊሆን እንደሚችል አለቃዬ የነገሩኝ ከዚያ በኋላ ነው። የዳይሬክተሩን የኒኖ ማርቶሊዮን የ1914 ፊልም በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ጀርመኖች ወሰዱት ይባላል፤ የእኔን የወሰደው የዓርብ ባቡር ነው።

ከዓመታት በኋላ በ1915 ኔፕልስ ውስጥ የተሠራውን «አሱንታ ስፒና»ን አየሁ። ልብስ አጣቢዋ ፊቷን ለሸነተራት እጮኛዋ ፍርድ ቤት ቆማ ትሟገትለታለች፤ በኋላም እሱ የገደለውን «እኔ ነኝ» ትላለች። አሱንታን ሆና የምትተውነው ፍራንቼስካ በርቲኒ የዚህን ግማሹን የምትናገረው በትከሻ ልብሷ ነው። ገባኝ። እናቴም የነጠላዋ ጥለት ወደ ላይ ከሆነ ለቅሶ ልትሄድ እንደሆነ ሳልጠይቅ አውቅ ነበር። በነገራችን ላይ፣ ዳይሬክተር ተብሎ የተመዘገበው አብሯት የተወነው ጉስታቮ ሴሬና ነው፤ በርቲኒ ግን በእርጅናዋ «የሠራሁት እኔ ነኝ» ትል ነበር። እኔ አምናታለሁ።

መጋረጃ ላይ መንጠልጠሉ ግን የሌላዋ የዘመኑ ተዋናይ የሊዳ ቦሬሊ ነው። የዚያን ዘመን ሴቶች አረማመዷንና አቋቋሟን ስለቀዱ ጣሊያኖች ከስሟ ግስ ፈጠሩ። በ1918 አገባችና ሲኒማውን ተወችው።

እናንተ ፊልም በእጥፍ ፍጥነት እያያችሁ «አየነው» ትላላችሁ፤ ይህ ያናድደኛል። ቦሬሊ ስትንጠለጠል እኔም አንዳንዴ አፈጥናታለሁ፣ አልዋሽም። በርቲኒን ግን አታፍጥኑ።

አንቺ የጠየቅሽኝ ልጅ፣ የፍርድ ቤቱን ትዕይንት ፊቷን ትተሽ እጇን ብቻ እያየሽ እንደገና ተመልከቺው። ያየሽውን ጻፊልኝ።