ለንስሐ አባቴ የምናገረው ኃጢአት አጣሁ

ጥያቄ፦ መምህር ሰላም ለእርስዎ ይሁን። ወለተ ሥላሴ እባላለሁ፤ የሁለት ልጆች እናት ነኝ። አጽዋማቱን ከነረቡዕና ዓርቡ እጾማለሁ፤ ሰንበትን ከቅዳሴ አልቀርም። ችግሬ ለንስሐ ስቀርብ ነው። የምናገረው አጣለሁ። አልገደልሁ፣ አልሰረቅሁ፣ ትዳሬን አላረከስሁ። «አባቴ፣ በማወቅም ባለማወቅም የበደልሁትን ይፍቱኝ» ብዬ እመለሳለሁ። ከእህቴ ጋር በእናታችን ቤት ውርስ የተነሣ ከተኳረፍን ሁለት ዓመት ሊሆነን ነው፤ ጥፋቱ የእሷ ነው፤ እኔ ግን ቂም የለኝም። ሰሞኑን የቤት ሠራተኛችን ጥላን ሄደች፤ ዘንድሮ ሦስተኛዋ ናት፤ ሠራተኛ አልበረክት ብሎኛል። ይህን ለባለቤቴ ሳማርር «አንቺ እኮ ራስሽን መርምረሽ አታውቂም» አለኝ። ቃሉ እንቅልፍ ነሣኝ። ራስን አለመመርመር ማለት ምንድን ነው? ጠባይ ነው ወይስ ኃጢአት? ኃጢአቴ ካልታየኝስ መቍረብ እችላለሁ?

መልስ፦ እኅቴ ወለተ ሥላሴ፣ ሰላመ እግዚአብሔር ይብዛልሽ። ቃሉ እንቅልፍ መንሣቱ ለእኔ ደግ ምልክት ነው። እንዲህ ሲባል «ደግሞ ለእሱ!» ብሎ ተኝቶ የሚያድር ብዙ ነው።

ራስን የማይመረምር ሰው ስለ ራሱ የማያስብ እንዳይመስልሽ። እንዲያውም ሲያስብ ይውላል። ማን እንደ ናቀው ያስባል፣ ምን ያህል እንደ ለፋ ያስባል፣ ውለታውን ማን እንደ በላበት ያስባል። «በዚህ ነገር የእኔ እጅ የቱ ጋ አለበት?» የሚለው ጥያቄ ላይ ሲደርስ ግን ዘሎት ያልፋል። ይህን ጥያቄ ዘልሎ መኖር ነው ራስን አለመመርመር የሚባለው። ጠባይ ነው ወይስ ኃጢአት ላልሽው፣ በጠባይ ይጀምራል፤ ከቆየ ግን የሌላውን ኃጢአት ሁሉ ደጅ ዘግቶ ያኖራል። የማይታወቅ ኃጢአት ደግሞ ስላልታወቀ ብቻ ኃጢአትነቱ አይቀርም። በኦሪት ዘሌዋውያን ምዕራፍ 4 ሳያውቅ የበደለ ሰው ኃጢአቱ በታወቀው ጊዜ መሥዋዕት እንዲያቀርብ ታዟል። ቅዱስ ጳውሎስም በራሱ ላይ የሚያውቀው በደል ባይኖርም በዚህ እንደማይጸድቅ፣ የሚፈርድበት ጌታ እንደ ሆነ ለቆሮንቶስ ሰዎች ጽፎላቸዋል (1ኛ ቆሮ. 4፥4)። ሐዋርያው እንዲህ ካለ እኔና አንቺ «ምንም አልታየኝም» ብለን የምንጽናናበት ምክንያት አይኖረንም።

ግን ለምን አይታይም? ንጉሥ ዳዊትን አስቢው። ኦርዮን በጦር ግንባር አስገደለው፤ ሚስቱን ቤርሳቤህን አገባ። ነቢዩ ናታን ወደ እርሱ የመጣው ሕፃኑ ከተወለደ በኋላ ነው (2ኛ ሳሙ. 12)። እንግዲህ ቢያንስ ወራት አልፈዋል ማለት ነው። በእነዚያ ወራት ዳዊት ዙፋኑ ላይ ተቀምጦ ለሕዝቡ ይፈርድ ነበር። ናታን ብዙ በግ ያለው ባለጠጋ የድኻውን አንዲት በግ ወስዶ ለእንግዳው እንዳረደ ሲነግረው፣ ዳዊት በቍጣ ነዶ «የሞት ልጅ ነው፤ አራት እጥፍ ይመልስ» ብሎ ፈረደ። ይህ አራት እጥፍ ከራሱ ያመጣው አይደለም፤ በኦሪት ዘፀአት ለተሰረቀ በግ የተደነገገው ነው። ዳዊት ሕጉን ከነቍጥሩ ያስታውሳል፤ ለድኻው ይቈረቈራል፤ ለፍትሕ ይቀናል። ኦርዮ ብቻ ትዝ አላለውም። «ያ ሰው አንተ ነህ» እስኪባል ድረስ!

እኔን ሁልጊዜ የሚያስደነግጠኝ ይህ ነው። ዳዊት ያኔ አልካደም፣ አልዋሸም፤ ከልቡ ተቈጥቷል። ሕግ ማወቅና ለጽድቅ መቅናት ራስን ለማየት እንደማይበቃ ከዚህ በላይ ማስረጃ አልፈልግም። ዘወትር የምንደግመው «ተሣሀለኒ እግዚኦ»፣ መዝሙር 50፣ ናታን ወደ እርሱ በመጣ ጊዜ የተዘመረ ነው። ስንቶቻችን የኦርዮን መሳይ ሰው በልባችን ሳናስብ ደግመነው እንደምንሄድ አስቢ።

የአንቺ ነገር ግን ከዳዊት ይልቅ በሉቃስ ወንጌል ምዕራፍ 15 ያለውን ታላቁን ልጅ ይመስለኛል። ስለ ጠፋው ልጅ ብዙ ተሰብኳል፤ ታላቁ ይረሳል። እርሱ ከቤት አልወጣም፤ ገንዘብ አላባከነም። አባቱን «ይህን ያህል ዓመት ተገዝቼልሃለሁ፤ ከትእዛዝህም ከቶ አልተላለፍሁም» ሲለው የሐሰት ምስክርነት እየሰጠ አይደለም፤ አባትየውም አላስተባበለውም። ንስሐ ግባ ቢባል ምን ይናገራል? ልክ እንደ አንቺ የሚናገረው ያጣል። በደሉ ያለው ከዚያ በኋላ ባለው ቃል ላይ ነው፤ «ይህ ልጅህ» ይላል። «ወንድሜ» ማለት አልሆነለትም። አባቱ ሲመልስለት «ይህ ወንድምህ» ብሎ ቃሉን አረመለት። ልጁ በሩ ላይ ቆሞ አልገባም ብሏል፤ ያስቀረውም የሚቈጠር ትእዛዝ ማፍረሱ ሳይሆን የወንድሙ ፊት ነው።

በማቴዎስ ወንጌል ምዕራፍ 25 በግራ የሚቆሙትም እንደዚያው ናቸው። «ጌታ ሆይ፣ መቼ ተርበህ ወይም ተጠምተህ አይተን አላገለገልንህም?» ይላሉ። ግራ መጋባታቸው የእውነት ነው። የተከሰሱት ባደረጉት ቢሆን ኖሮ ባስታወሱት ነበር፤ የተከሰሱት ባለማድረጋቸው ነው፤ ያላደረጉት ነገር ደግሞ በኅሊና አይቀመጥም።

አሁን የጻፍሽልኝን ደግመሽ አንብቢው። «አልገደልሁ፣ አልሰረቅሁ» ካልሽ በኋላ ባሉት ጥቂት መስመሮች ሁለት ዓመት ያላናገርሻት እህት አለች፤ በአንድ ዓመት ጥለው የሄዱ ሦስት ሠራተኞች አሉ። ሁለቱንም አንቺው ነሽ የነገርሽኝ፤ ግን ሁለቱንም የጻፍሻቸው የደረሰብሽን በደል ለማስረዳት ነው። ሦስቱም ልጆች ጥፋተኞች ሊሆኑ ይችላሉ፤ ቤቱን አላውቀውም፤ ልፈርድብሽ አልችልም። አንድ ነገር ግን ልጠይቅሽ፦ የመጨረሻዋ ልጅ የማን ልጅ እንደ ሆነች፣ ከየት አገር እንደ መጣች፣ በዓል ሲሆን እናቷን በስልክ ታገኝ እንደ ነበር ታውቂያለሽ? በጾም ቀን አንቺ እስከ ዘጠኝ ሰዓት ስትቆዪ እሷ ስንት ሰዓት ትበላ ነበር? ምን ትበላ ነበር?

ይህን ያመጣሁት ለነገር አይደለም። «ሰው ግን ራሱን ይፈትን፥ እንዲሁም ከኅብስቱ ይብላ ከጽዋውም ይጠጣ» (1ኛ ቆሮ. 11፥28) የሚለውን ቃል ለቁርባን ስንዘጋጅ ሁላችን እንጠቅሰዋለን። ሐዋርያው ይህን የጻፈው ለምን እንደ ነበር ግን ከፍ ብሎ ቁጥር 21 እና 22 ላይ ተጽፏል። የቆሮንቶስ ምእመናን በአንድነት ሲሰበሰቡ ያላቸው ቀድመው ይበሉ ነበር፤ አንዱ ይራባል፣ ሌላው ይሰክራል፤ የሌላቸው ያፍራሉ። እንግዲህ ራሳችሁን ፈትኑ የተባሉት በማዕድ አጠገባቸው የተቀመጠውን ድኻ እንዴት እንዳዩት ነው። እኛ 18 ሰዓት መጾማችንን በሰዓት እንቈጥራለን፤ ደግ ሥርዓት ነው፤ ሊፈርስ አይገባውም። ከዚያ ጋር ወጥ ቤት ያለችውን መቍጠር ግን ለብዙዎቻችን ትዝ አይለንም።

ስለዚህ ከእንግዲህ ራስሽን ስትመረምሪ ዐሠርቱ ትእዛዛትን በመቍጠር አትጀምሪ። እነርሱ ይቀሩ ማለቴ አይደለም፤ አንቺ እየቈጠርሽ «የለብኝም፣ የለብኝም» እያልሽ ስለምታልፊያቸው ነው። ከሰዎች ጀምሪ። ማታ ጸሎትሽን ስታደርሺ፣ ከመተኛትሽ በፊት፣ በዚያ ቀን ያገኘሻቸውን ሰዎች ፊት አንድ በአንድ አስቢ። የትኛው ፊቱን አጥቍሮ ከአንቺ ተለየ? ማንን ስታይ መንገድ ቀየርሽ? ለልጆችሽ የተናገርሽው ቃል ለአንቺ ቢነገር ይከብድሽ ነበር? ስልክሽ ላይ ደውሎ ያላነሣሽለት ማን ነው፣ ለምንስ? ከዚያ «ከተሰወረ ኃጢአት አንጻኝ» የሚለውን የመዝሙር 18ን ቃል ጸልዪ። መጀመሪያ አካባቢ ባዶ ሊመስልሽ ይችላል። ትንሽ ታገሺ፤ የመጣልሽንም በአጭሩ በወረቀት ያዢው፤ ለንስሐ አባትሽ የምትናገሪው እሱን ነው። ከተናገርሽ በኋላ ቅደጂው።

የእህትሽን ጉዳይ ደግሞ በናታን መንገድ ሞክሪው። ስሙን ቀይሪና ታሪኩን ለራስሽ ተርኪ፤ ሁለት እህቶች ነበሩ፣ እናታቸው ቤት ትታላቸው ሞተች፣ አንደኛዋ እንዲህ አለች፣ ሌላዋ እንዲህ መለሰች በይ። የአንቺን ድርሻ ለማታውቂያት ሴት ስጪና ፍረጂ። ፍርዱ ለአንቺ ሊሆን ይችላል። ከሆነም ስለ ቤቱ መብትሽን በሽማግሌ ወይም በፍርድ ቤት መጠየቅ ነውር የለበትም፤ ዕርቅ ማለት ድርሻን መተው ነው ያለ መምህር ካለ እኔ አልሰማሁትም። ሁለት ዓመት በልቅሶና በሠርግ እየተያዩ ሰላም ሳይባባሉ «ቂም የለኝም» ማለት ግን አይያዝም። ቅዳሴ ላይ ዲያቆኑ «ተአምኁ በበይናቲክሙ» ሲል እርስ በርሳችሁ ሰላም ተባባሉ ማለቱ ነው። ያኔ የምትሳለሚው አጠገብሽ የቆመችውን የማታውቂያትን ሴት ነው፤ እሷ አትከብድም።

ስለ ባለቤትሽም አንድ ነገር ልበል። «ራስህን አትመረምርም» የሚለው ቃል በንዴት ሲወረወር ብዙ ጊዜ ወርዋሪውም አልተመረመረም። የአገራችን ሰው «የራሷ እያረረባት የሰው ታማስላለች» የሚለው ለዚህ ነው። እኛ የቤተ ክርስቲያን ሰዎች ደግሞ ይህን በስብከት ላይ እናደርገዋለን፤ ስለ ትዕቢት ሲሰበክ «ይህን እገሌ በሰማችው» እንላለን፤ አንዳንዱም ወዲያው በቴሌግራም ይልክላታል። በአስቄጥስ ገዳም የነበረው አባ ሙሴ ጸሊም፣ ሰኔ 24 የምናስበው፣ በአንድ በደለኛ ወንድም ላይ ሊፈርዱ መነኮሳት ሰብስበው ቢጠሩት አልመጣም አለ። ግድ ሲሉት በተቀደደ ዘንቢል አሸዋ ተሸክሞ መጣ፤ አሸዋው ከኋላው ይፈስሳል። ምንድን ነው ቢሉት «ኃጢአቴ ከኋላዬ እየፈሰሰ እኔ አላየውም፤ ዛሬ ግን በሌላው ልፈርድ መጣሁ» አላቸው። ወንድሙን ይቅር አሉት። እንግዲህ ባለቤትሽ ሲልሽ ተበሳጭቶ ይሁን አዝኖ አላውቅም፤ ተበሳጭቶ ቢሆን እንኳ ቃሉን ጣይው አልልሽም። አንቺ ግን ነገ መልሰሽ ለእሱ አትወርውሪበት።

በተቃራኒው ደግሞ ሲመረምር ውሎ ሲመረምር የሚያድር፣ የተፈታለትን ኃጢአት ደግሞ ደጋግሞ የሚናዘዝ ሰው አለ። ያ ሌላ ሕመም ነው፤ ለአንቺ የሚያሰጋሽ አይመስለኝም። ይሁዳም በደሉን አይቶታል፤ «ንጹሕ ደም አሳልፌ በመስጠቴ በድያለሁ» ብሏል። ጴጥሮስ አይቶ አለቀሰና ወደ ጌታው ተመለሰ፤ ይሁዳ አይቶ ከጌታው ራቀ። ያየሽውን ይዘሽ ወደ ንስሐ አባትሽ ሂጂ፤ ለብቻሽ ይዘሽው አትቀመጪ።

«በማወቅም ባለማወቅም» የምትዪው ጸሎት መልካም ነው፤ ተዪው አልልሽም። ግን የኑዛዜው መጨረሻ ላይ ይሁን፤ የምታውቂው በስሙ ከተነገረ በኋላ። አባትሽ ሥራ በዝቶባቸው ቸኩለው ከሆነ «አባቴ፣ ዛሬ ሰፋ ያለ ጊዜ ያስፈልገኛል» ብለሽ ቀን አስቈርጪ። የማይሰማ ካህን የለም ማለቴ አይደለም፤ ምእመናን ግን አብዛኛውን ጊዜ ጠይቀን አናውቅም።

መቍረብ እችላለሁ ወይ ላልሽው እኔ ከሩቅ ሆኜ አልፈቅድልሽም፣ አልከለክልሽምም። ይህ የንስሐ አባትሽ ሥልጣን ነው። አንቺ ግን የእህትሽን ኵርፊያና የሠራተኞቹን ነገር በቤቱ ችግር መልክ ሳይሆን እንደ ኑዛዜ አድርገሽ ንገሪያቸው። ወደ እህትሽ ለመሄድ የሚከብድሽ ከሆነም ያንኑ ንገሪያቸው፤ አንዳንድ አባቶች አብረው ይሄዳሉ፤ ካልሆነላቸውም ሽማግሌ ይልካሉ። ለሄደችው ልጅ ደግሞ ያልተከፈለ ደመወዝ ካላት እሱን ለመክፈል የማንንም ፈቃድ አትጠብቂ።