መልስ፦ በካትማንዱ ሸለቆ ባህላዊ ሙዚቃ ስለ መስማት

እህቴ፣ በአስጎብኚ በሚመራ የቅርስ ጉብኝት ላይ እውነተኛውን የኔፓል ባህላዊ ሙዚቃ መስማት ይቻላል ወይ ብለሽ ነበር። ይቻላል፤ ሰዓቱን ካወቅሽበት። ብዙዎቹ ጉብኝቶች በቀን አደባባዮቹን አሳይተው ያበቃሉ። አንቺ ግን እባክሽ በሸለቆው ባለችው በባክታፑር ከተማ እደሪ። አመሻሹ ላይ የሸለቆው ነባር ሕዝብ የሆኑት የኔዋር አዛውንቶች በቤተ መቅደሶቹ አጠገብ ባሉት ክፍት መጠለያዎች ተቀምጠው፣ በከበሮና በጸናጽል ታጅበው ዳፋ የተባለውን መዝሙር ያዜማሉ። የሚያዜሙት ለአማልክታቸው ነውና ፈንጠር ብለሽ በጸጥታ አዳምጪ።

ሳራንጊን ደግሞ ከቅርብ ሳታዪ እንዳትመለሺ። የጋንዳርባ ማኅበረሰብ ሙዚቀኞች የሚጫወቱበት፣ ከአንድ እንጨት ተፈልፍሎ የሚሠራ ባለ 4 ክር መሣሪያ ነው፤ የታችኛው ክፍሉ ቆዳ ይለብሳል። የተጫዋቹን ግራ እጅ ተመልከቺ፤ ክሩን ከጎን የሚነካው በጥፍሩ ነው። ጋንዳርባዎች እንደ እኛ አዝማሪዎች ከመንደር መንደር እየዞሩ ወሬና ታሪክ በዜማ ያደርሱ ነበር። እኔ ድምፁን ስሰማ መሰንቆ ትዝ ብሎኝ ዓይኔ እንባ አቀረረ።

ገንዘቡን ለሙዚቀኛው በእጁ ስጪው፤ የግጥሙን ትርጉም ደግሞ አስጎብኚሽ በየስንኙ ይንገርሽ።