መልስ፦ የመንግሥትና የግል አገልግሎቴ ለጡረታ ይደመራል?

ይደመራል። በመንግሥት ትምህርት ቤት የሠራኸው 7 ዓመትና በሐዋሳው የግል ኮሌጅ የሠራኸው 5 ዓመት አንድ ላይ ተቆጥሮ 12 ይሆናል። «የመንግሥቱ አገልግሎትህ ተቃጥሏል» ያለህ ሰው ተሳስቷል። የመንግሥት ሠራተኞች ጡረታ አዋጅ 1267/2014 እና የግሉ 1268/2014 ናቸው፤ ከአንዱ ወደ ሌላው የተሻገረ ሰው አገልግሎቱ አይጠፋበትም። ላብህ ነው፣ እንዳትተወው።

ሒሳቡ ይኸው። ለመጀመሪያው 10 ዓመት 30 በመቶ፣ ለተጨማሪው ሁለት ዓመት በየዓመቱ 1.25 በመቶ። ስለዚህ 60 ሲሞላህ የመጨረሻው 3 ዓመት አማካይ ደመወዝህ 32.5 በመቶ ታገኛለህ። ከዚያ በፊት በሠራህ ቁጥር ይጨምራል።

አሁኑኑ ከሁለቱም ቦታ፦
1. የሥራ ልምድና መሸኛ አውጣ፤
2. መዋጮው በስምህ ገቢ መደረጉን አረጋግጥ። ከደመወዝህ 7 በመቶ መቆረጡ ብቻ አይበቃም፣ አሠሪው ከራሱ 11 በመቶ ጨምሮ ማስገባት አለበት።

አንድ ነገር ግን ተጠንቀቅ፣ ስምህን ፊደል በፊደል አስተያይ። የእናቴ ስም አንዱ ደብዳቤ ላይ «ፀሐይ»፣ ሌላው ላይ «ጸሀይ» ተብሎ ነበር። በዚህች ብቻ ከአቶቴ ሰፈር በባጃጅ እየተመላለሰች ሁለት ወር ተጉላላች። የትውልድ ዘመንህንም እይ፤ የሚያዘው መጀመሪያ ስትቀጠር የሞላኸው ነው።