ፊዚክስ፣ መምህርነትና ጠፈር፦ ለሲልቨር ስፕሪንጓ ተማሪ

ከሲልቨር ስፕሪንግ፣ ሜሪላንድ የጻፍሽልኝ እህቴ፣ ስምሽ እንዳይወጣ ስላልሽ አላወጣሁትም። ደብዳቤሽን ላላዩ አንባቢዎች በአጭሩ ላስቀምጠው። የዩኒቨርሲቲ ሁለተኛ ዓመት ተማሪ ነሽ፤ ፊዚክስ ታጠኛለሽ። የሁለተኛ ደረጃ የፊዚክስ መምህር መሆን ትፈልጊያለሽ፤ ከልጅነትሽ ጀምሮ ደግሞ ጠፈር መውጣት ትመኛለሽ። እናትሽ ነርሲንግ እንድትገቢ ይፈልጋሉ፤ ጠፈር ባነሳሽ ቁጥር "ያቺን አስተማሪ ያገኛትን አታውቂም?" ይሉሻል። ጋራዥ የሚሠሩት አባትሽ በበኩላቸው "እዚህ ድረስ የለፋነው አስተማሪ እንድትሆኚ ነው?" ብለዋል። የጠየቅሽኝ መምህር ሆኖ ጠፈርተኛ መሆን ይቻል እንደሆነ፣ ለጠፈሩ ስትይ መምህርነቱን ትተሽ ኢንጂነሪንግ ብትገቢ ይሻል እንደሆነ፣ ለቤተሰቦችሽም ምን እንደምትያቸው ነው።

ከእናትሽ ልጀምር፤ የሚፈሩት በእውነት የደረሰ ነገር ነው። "ያቺ አስተማሪ" የሚሏት ክሪስታ ማኮሊፍ ናት። በኒው ሃምፕሻየር ግዛት፣ ኮንኮርድ በምትባል ከተማ የኅብረተሰብ ሳይንስ ታስተምር የነበረች የሁለት ልጆች እናት ነበረች። በ1984 (ዓመቶቹን በፈረንጆቹ ነው የምጠራልሽ) ፕሬዚዳንት ሬገን በመንኮራኩር የሚወጣው የመጀመሪያው ተራ ዜጋ መምህር እንደሚሆን ሲያስታውቁ ከ11,000 በላይ መምህራን አመለከቱ። ክሪስታ ሳይንቲስት አልነበረችም። ያቀረበችው ሐሳብ ግን ውብ ነበር፦ በጋሪ ተጉዘው ምዕራብ አሜሪካ የገቡት ሴቶች በጻፉት የዕለት ማስታወሻ ጉዟቸው እንደታወቀ ሁሉ፣ እሷም የጠፈር ጉዞዋን በተራ ሰው ዓይን እያየች ልትጽፍ ነበር። ከመንኮራኩሯ ውስጥ ሆና ለተማሪዎች በቀጥታ ስርጭት የምትሰጣቸው ሁለት ትምህርቶችም ተዘጋጅተው ነበር። ጃንዋሪ 28፣ 1986፣ በእኛ ጥር 20 ቀን 1978 ዓ.ም.፣ እሷ የተሳፈረችባት መንኮራኩር ቻሌንጀር ከፍሎሪዳ በተነሳች በ73ኛው ሰከንድ አየር ላይ ተበታተነች። ሰባቱም ተሳፋሪዎች ሞቱ። በብዙ ትምህርት ቤቶች ልጆች ቴሌቪዥን ፊት ተሰብስበው ያዩ ነበር፤ የክሪስታ የራሷ ተማሪዎችም ኮንኮርድ ውስጥ ሊያጨበጭቡላት ተሰብስበው ነበር።

እናትሽ የሚያውቁት እስከዚህ ድረስ ያለውን ይመስለኛል። የአደጋው ምክንያት ለአባትሽ ቶሎ ይገባቸዋልና እሳቸው ያስረዷቸው። በመንኮራኩሯ ግራና ቀኝ የነበሩት ሁለት ሮኬቶች ከተቆራረጡ ክፍሎች የተገጣጠሙ ነበሩ። መጋጠሚያው ጋዝ እንዳያሾልክ የሚያሽገው ኦሪንግ የሚባለው የጎማ ቀለበት ነው። ጎማ ሲበርደው ይደርቃል፤ ሲጫኑት ቶሎ ወደ ቦታው አይመለስም። የዚያን ዕለት ሌሊት ፍሎሪዳ በረዶ ሠርታ አደረች፤ ማስነሻው ሰዓት ላይ ሙቀቱ 2 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ገደማ ነበር። ከዚያ በፊት መንኮራኩር የተነሳበት ከሁሉ የባሰው ብርድ ደግሞ 12 ዲግሪ ገደማ ነው። የቀኙ ሮኬት መጋጠሚያ አሾለከ፤ የወጣው እሳት ትልቁን የነዳጅ ታንክ በላው።

ልብ የሚያቃጥለው ይህ አስቀድሞ መታወቁ ነው። ሮኬቶቹን የሠራው ሞርተን ታዮኮል የተባለው ኩባንያ ኢንጂነር ሮጀር ቦይስጆሊ፣ ማሸጊያው ሰው ሊያስጨርስ እንደሚችል በጁላይ 1985 ለአለቆቹ በጽሑፍ አስጠንቅቆ ነበር። ማስነሻው ሊሆን አንድ ምሽት ሲቀረው እሱና ጓደኞቹ በስልክ ስብሰባ ላይ "በዚህ ብርድ አታስነሱ" ብለው ተከራከሩ። የአሜሪካ የጠፈር ድርጅት የናሳ ኃላፊዎች ሐሳቡን አልወደዱትም፤ የኩባንያው አለቆችም ለብቻቸው ተመካክረው የራሳቸውን ባለሙያዎች ቃል ሽረው ፈቀዱ። ፍሎሪዳ የነበረው የኩባንያው ተወካይ አለን ማክዶናልድ ግን የማስነሻውን ፈቃድ አልፈርምም አለ፤ በሌላ ሰው ፊርማ አለፈ። በኋላ በተቋቋመው አጣሪ ኮሚሽን ፊት የፊዚክስ ሊቁ ሪቻርድ ፋይንማን የዚያን ጎማ ቁራጭ ጨምቆ በረዶ ውኃ ውስጥ ነከረውና እንዴት እንደሚደነዝዝ ለሁሉም አሳየ። የፊዚክስ መምህር ስትሆኚ ይህን ሙከራ በአንድ ብርጭቆ ክፍልሽ ውስጥ መሥራት ትችያለሽ፤ እኔ የማውቀው ከዚህ የበለጠ የሙቀትና የቁስ ትምህርት የለም።

ይህን ያህል የዘረዘርኩልሽ ለሙያ ምርጫሽ ስለሚጠቅም ነው። ክሪስታን የገደላት መምህርነቷ አይደለም፤ ጠፈር መመኘቷም አይደለም። "ይቁም" ያለ ባለሙያ ያልተሰማበት የሥራ ቦታ ነው። እንዲህ ያለ ቦታ ሆስፒታልም ውስጥ አለ፤ ነርስ መድኃኒቱ በዛ ብላ የማትሰማበት ክፍል ውስጥ ሰው ይሞታል። ስለዚህ የትኛውም ሥራ ቃለ መጠይቅ ላይ ስትቀመጪ "ከእናንተ መካከል ሥራ እንዲቆም ያደረገ ሰው አለ? ከዚያ በኋላ ምን ደረሰበት?" ብለሽ ጠይቂ። ከደሞዙ ጥያቄ ቀድሞ የሚመጣ ጥያቄ ነው።

አሁን ወደ ባርባራ ሞርገን ልምጣ። ለአንቺ ምሳሌ የምትሆነው ከክሪስታ ይልቅ እሷ ናት ብዬ አምናለሁ። ባርባራ በአይዳሆ ግዛት፣ ማኮል በምትባል ትንሽ ከተማ የአንደኛ ደረጃ መምህርት ነበረች። የክሪስታ ተጠባባቂ ሆና አብራት ሠለጠነች፤ አደጋውንም ፍሎሪዳ ቆማ በዓይኗ አየች። ከዚያ ናሳ ቦታውን እንድትይዝ ሲጠይቃት እሺ አለች፤ ኑሮዋን ግን አላቆመችም። ማኮል ተመልሳ ሁለተኛና ሦስተኛ ክፍል ልጆችን ማስተማሯን ቀጠለች፤ ዓመታት ሙሉ። በ1998 ናሳ እንደ እንግዳ ሳይሆን እንደ ሙሉ ጠፈርተኛ ተቀበላት። በ2003 ኮሎምቢያ የተባለችው መንኮራኩር ስትመለስ ተበታትና ሌሎች ሰባት ሰዎች አለቁ፤ የባርባራ ጉዞ እንደገና ዘገየ። በመጨረሻ በኦገስት 2007፣ ከቻሌንጀር 21 ዓመት በኋላ፣ በ55 ዓመቷ ወጣች። የተሳፈረችበት ኢንዴቨር በቻሌንጀር ምትክ የተሠራችው መንኮራኩር ናት፤ ስሟንም ያወጡላት በውድድር የተሳተፉ ተማሪዎች ናቸው። ባርባራ እዚያ ላይ የመንኮራኩሯን የሮቦት ክንድ አንቀሳቅሳለች፤ ከልጆችም ጋር ተነጋግራለች። በመካከል ያሉትን ዓመታት ግን አስቢያቸው። ማስተማሩን ለመሰላልነት ብቻ ይዛው ቢሆን ኖሮ ያ ሁሉ ጊዜ እስር ቤት ይሆንባት ነበር።

እንግዲህ የመጀመሪያ ጥያቄሽ፦ አዎ፣ ይቻላል፤ መንገዱ ግን ተቀይሯል። ከቻሌንጀር በኋላ ናሳ መምህርን እንደ ተሳፋሪ መውሰዱን ትቶ መምህር የነበረን ሰው ጠፈርተኛ አድርጎ ማሠልጠን ጀመረ። በ2004 ከተመረጡት መካከል ሦስቱ ከክፍል የመጡ ናቸው። ጆ አካባ ፍሎሪዳ ውስጥ ሳይንስና ሒሳብ ያስተምር ነበር፤ በ2023 የናሳ የጠፈርተኞች ጽሕፈት ቤት ዋና ኃላፊ ሆኖ ተሾመ። ዶሮቲ ሜትካፍ-ሊንደንበርገር ዋሽንግተን ግዛት ውስጥ የመሬት ሳይንስና ሥነ ፈለክ ስታስተምር አንድ ተማሪ ጠፈርተኞች እንዴት እንደሚጸዳዱ ጠየቃት፤ መልሱን ናሳ ድረ ገጽ ላይ ስትፈልግ ነው የመምህራን ጥሪውን ያገኘችው። ሦስተኛው ሪኪ አርኖልድ የአንቺው አካባቢ ልጅ ነው፤ ቦዊ ነው ያደገው። የመጀመሪያ ዲግሪው አካውንቲንግ ነበር! በኋላ የመምህርነት ፈቃድ አወጣ፣ ከሜሪላንድ ዩኒቨርሲቲ በአካባቢ ሳይንስ ማስተርሱን ያዘ፣ ከዚያም በሞሮኮ፣ በሳዑዲ ዓረቢያ፣ በኢንዶኔዥያና በሩማንያ አስተማረ። በ2018 እሱና አካባ በየተራቸው ዓለም አቀፉ የጠፈር ጣቢያ ላይ ሆነው ክሪስታ ልታስተምር ካቀደቻቸው ትምህርቶች አንዳንዶቹን ሠርተው ለተማሪዎች ቀርጸውላቸዋል።

መስፈርቱን ልብ በይ። በ2024 በወጣው የናሳ ጥሪ የአሜሪካ ዜግነት፣ በሳይንስ፣ በሒሳብ ወይም በኢንጂነሪንግ ማስተርስ፣ ከዚያም ቢያንስ ሦስት ዓመት ተዛማጅ የሥራ ልምድ ይጠየቃል፤ የጤና ምርመራም አለ። በትምህርት ቤት ማስተማር እንደ ሥራ ልምድ ይቆጠራል። ብዙ መምህራን የሚሳሳቱት ማስተርሱ ላይ ነው፦ ደሞዝ ስለሚያስጨምር በ"ትምህርት" ይይዙታል፤ ያ ብቻውን ለናሳ አያበቃም። አንቺ ማስተርስሽን በፊዚክስ ያዢ። ግሪን ካርድ ላይ ነኝ ስላልሽ የዜግነት ማመልከቻሽንም ጊዜው እንደደረሰ አስገቢ።

ሁለተኛው ጥያቄሽ ላይ ሐሳቤ ጠንካራ ነው። በ2021 ናሳ 10 ሰው ሲመርጥ ያመለከቱት ከ12,000 በላይ ነበሩ። ስለዚህ ሳትመረጪ ብትቀሪ ሠላሳ ዓመት በደስታ የምትኖሪበትን ሥራ ነው መምረጥ ያለብሽ። ኢንጂነሪንግን የምትወጂው ከሆነ ግቢ፤ በደብዳቤሽ ግን ስለ ኢንጂነሪንግ አንድም የጋለ ቃል አላየሁም። ቤተ ክርስቲያን ውስጥ ስለምታስጠኛቸው የስምንተኛ ክፍል ልጆች ግን አንድ ገጽ ተኩል ጽፈሽልኛል። ማስተማሩን ለጠፈር ትኬት ብቻ ብለሽ የምትይዢው ከሆነ ደግሞ አትያዢው፤ ዋጋውን የሚከፍሉት ተማሪዎችሽ ናቸውና።

ለአባትሽ ስለ ገንዘብ በቁጥር ንገሪያቸው። ነርስ ብዙውን ጊዜ ከመምህር የተሻለ ታገኛለች፤ ይህን አትካጂያቸው። ነገር ግን የሜሪላንድ ሕግ የመምህራን መነሻ ደሞዝ ከጁላይ 2026 ጀምሮ ከ60,000 ዶላር እንዳያንስ ደንግጓል፤ የፊዚክስ መምህርም በአገሩ ሁሉ የሚፈለግ ሰው ነው። ለመምህርነት የሚያጠኑ የሳይንስ ተማሪዎችን የሚረዳ ኖይስ የሚባል ስኮላርሺፕ አለ፤ በተረዳሽበት ለእያንዳንዱ ዓመት ሁለት ዓመት ችግረኛ ትምህርት ቤቶች ባሉበት አካባቢ ማስተማር ግዴታ ነው። ቲች ግራንት የሚባለውም በዓመት እስከ 4,000 ዶላር ይሰጣል፤ አራት ዓመት አስተምረሽ ግዴታሽን ካልተወጣሽ ግን ከነወለዱ ብድር ይሆንብሻል፤ ሳታነቢ እንዳትፈርሚ። ለማስተርስና ለዶክትሬት የሚያዘጋጀው የማክኔር ፕሮግራም ዩኒቨርሲቲሽ ውስጥ ካለ ከቤተሰብሽ የመጀመሪያዋ የዲግሪ ተማሪ ስለሆንሽ ጠይቂ፤ ግሪን ካርድ ይበቃል። ስሙን ያገኘው ከክሪስታ ጋር ቻሌንጀር ላይ ከሞተው ሮናልድ ማክኔር ነው፤ ከደቡብ ካሮላይና ትንሽ ከተማ ተነስቶ ከኤም አይ ቲ በሌዘር ፊዚክስ ዶክትሬት የያዘ ጥቁር አሜሪካዊ።

እናትሽን "ምንም አይደርስብኝም" ብለሽ አትዋሻቸው። ጠፈር አደገኛ ነው፤ ከኮሎምቢያ በኋላ ማንም ይህን አይክድም። ንገሪያቸው የምልሽ ዛሬ የምትወስኚው ሮኬት ላይ ስለመሳፈር ሳይሆን ክፍል ውስጥ ስለመቆም መሆኑን ነው። ባርባራ ሞርገንም ወደ ክፍሏ ስትመለስ የወሰነችው ይህንኑ ነበር። ቻሌንጀር ላይ የሞቱት ሰዎች ቤተሰቦችም አደጋው በደረሰበት ዓመት ያቋቋሙት ተቋም ልጆች በጠፈር ጉዞ ጨዋታ ሳይንስ የሚማሩባቸውን የቻሌንጀር ማዕከላት ከፍቷል። ያን ያህል ያጡ ሰዎች ሐዘናቸውን ወደ ማስተማር ማዞራቸውን እናትሽ ይረዱታል ብዬ አስባለሁ።

ለአሁኑ ሴሚስተር አንድ ሥራ ልስጥሽ። ዩኒቨርሲቲሽ የመምህርነት ፈቃድ ከፊዚክስ ዲግሪ ጋር አጣምሮ ይሰጥ እንደሆነ አማካሪሽን ጠይቂ፤ ከዚያ አንድ የሁለተኛ ደረጃ የፊዚክስ መምህር ፈቃድ አግኝተሽ ሙሉ ቀን፣ ከመጀመሪያው ደወል እስከ መጨረሻው፣ ክፍሉ ውስጥ ተቀመጪ። ያየሽውን ጻፊልኝና የሚቀጥለውን ዓመት የኮርስ ምርጫ አብረን እናየዋለን።