መልስ፦ ለአይፓድ ምትሃት ልዩ አፕ ያስፈልጋል?

አያስፈልግህም። ከትወና ወደ ምትሃት እንደመጣህ ጽፈህ፣ ጀርመናዊው ምትሃተኛ ሲሞን ፒየሮ ከአይፓድ ስክሪን ውስጥ ዕቃ ሲያወጣ አይተህ «አፑ የቱ ነው?» ብለሃል። ለጀማሪ ቀድሞ የተቀረጸ ቪዲዮ፣ ለምሳሌ የኳስ፣ ይበቃል። ኳሷ ቪዲዮው ላይ ትንከባለልና ጠርዙ ጋ ስትደርስ ትጠፋለች። እውነተኛዋ ኳስ ከአይፓዱ ጀርባ ጣቶችህ መሃል ተደብቃ ቆይታ በዚያችው ቅጽበት ትወድቃለች።

ከትወና መምጣትህ የሚጠቅምህ እዚህ ላይ ነው። ቪዲዮው አይጠብቅህም፤ ንግግርህንና እጅህን ከሱ እኩል ማስኬድ አለብህ። ካሜራ ፊት እንደለመድከው «እንድገመው» የለም። ዓይንህ ኳሷን ወደያዘው እጅ ከሄደ ደግሞ አለቀ፣ ተመልካቹም ይከተልሃል።

አደራ፣ ኤርፕሌን ሞድ ሳታበራ መድረክ እንዳትወጣ። ስክሪኑ በራሱ እንዳይጠፋም አስተካክል። ልክ ኳሷ ልትወጣ ስትል የቴሌግራም መልእክት ብቅ ሲል አይቻለሁ፤ ሕዝቡ በሳቅ ነው የሞተው።